ሦስተኛዋ መስመር፦ «ሌትስ ዳንስ» በ17 ቀን እንዴት ተሠራ?

በካሴት ዘመን ያደገ ሰው አንድ ልማድ አለው። ካሴቱን ይከፍትና ወረቀቱን አውጥቶ ይዘረጋል። ግጥም እከሌ። ዜማ እከሌ። ቅንብር እከሌ። እኔ ሦስተኛዋን መስመር ነበር ቀድሜ የማያት። ዘፋኙማ ፎቶው ሽፋኑ ላይ አለ፤ እሱን ማን ይረሳዋል? ሳይታወቀን በእግራችን ወለሉን ያስመታን ሰው ግን ብዙ ጊዜ ያቺ መስመር ላይ ነው ያለው። በትንንሽ ፊደል።

አሁን የማነሳው አልበም ከዚያች መስመር ካልተነበበ በቅጡ አይገባም ባይ ነኝ። የእንግሊዛዊው ዘፋኝ የዴቪድ ቦዊ «ሌትስ ዳንስ» ነው፤ «እንደንስ» ማለት ነው። እ.ኤ.አ. በኤፕሪል 1983 ወጣ። (ከዚህ በታች ያሉት ዓመቶች፣ ካልገለጽኩ በቀር፣ የፈረንጅ ናቸው።) ስምንት ዘፈን ነው፤ ሁሉም ተደምሮ 40 ደቂቃ አይሞላም። መሠረቱ ፈንክ፣ ግድግዳው ሮክ፣ ጣሪያው ላይ ደግሞ የቴክሳስ ብሉዝ ጊታር። ከ10 ሚሊዮን ቅጂ በላይ ተሽጧል። ቦዊ ከዚያ በፊት እንዲህ የተሸጠ አልበም አልነበረውም። ከዚያ በኋላም አልደገመውም።

ብዙ ጊዜ ሲወራ «ቦዊ ለገንዘብ ብሎ የሠራው» ይባላል። ወሬው ውሸት አይደለም። ግን ታሪኩን ያሳንሰዋል።

ሁለቱም የጎደላቸው ነገር ነበር

በ1982 ቦዊ 35 ዓመቱ ነው። በሙያው አንቱ ተብሏል። ገንዘቡ ግን እንደ ስሙ አልነበረም። ከቀድሞ ሥራ አስኪያጁ ከቶኒ ዲፍሪስ ጋር ሲለያይ የገባው ስምምነት ለዓመታት ገቢውን ሲያካፍለው ኖሯል። ያ ስምምነት ያበቃው በ1982 መገባደጃ ላይ ነው። ከድሮው አሳታሚው ከአርሲኤ ጋርም እየተለያየ ነበር። ሰውየው ታግሶ ጠበቀ። ከ1980ው «ስኬሪ ሞንስተርስ» ወዲህ አዲስ የስቱዲዮ አልበም አላወጣም። ቀጥሎ የሚሠራው የራሱ ነው፤ የሚያስገባውም የራሱ ነው። የአልበሙን ወጪም ከኪሱ ነው የከፈለው። አሳታሚ ያገኘው ሥራው ካለቀ በኋላ፣ በ1983 መጀመሪያ ነው። ኢኤምአይ ነበር፤ የውሉ ዋጋ ወደ 17 ሚሊዮን ዶላር እንደሆነ ያኔ በሰፊው ተዘግቧል።

ሁለተኛው ሰው ናይል ሮጀርስ ይባላል። ኒው ዮርክ ተወልዶ ያደገ ጥቁር አሜሪካዊ ጊታር ተጫዋችና አቀናባሪ። ሺክ የሚባለው የዲስኮ ባንድ መሥራች ነው። «ለ ፍሪክ» እና «ጉድ ታይምስ» በ1978 እና በ1979 አሜሪካ ውስጥ አንደኛ የወጡ ዘፈኖች ናቸው፤ ሁለቱም የእሱና የቤዝ ተጫዋቹ የበርናርድ ኤድዋርድስ ሥራዎች ናቸው። ከዚያ ጣጣ መጣ። ጁላይ 12 ቀን 1979 ቺካጎ በሚገኝ የቤዝቦል ስታዲየም ውስጥ፣ በሁለት ጨዋታ መሀል፣ ሕዝቡ ይዞት የመጣው የዲስኮ ሸክላ ክምር በፈንጂ ጋየ። የዲስኮ ሸክላ ይዞ ለመጣ ሰው የመግቢያው ዋጋ 98 ሳንቲም ነበር። «ዲስኮ ይውደም» የሚለው ዘመቻ ሺክንም ይዞት ሄደ። ሙዚቃቸው አልተበላሸም፤ ጊዜው ነው ፊቱን ያዞረባቸው። ሮጀርስ በ1982 ተከታታይ ያልተሳካላቸው ሥራዎች በእጁ ነበሩ። ስልኩ እንደ ድሮው አይጠራም።

የተገናኙት ኒው ዮርክ ውስጥ ኮንቲኔንታል በሚባል፣ ሌሎች ቤቶች ሲዘጉ በሚሞቅ ጭፈራ ቤት ነው። ሮጀርስ ከዘፋኙ ከቢሊ አይዶል ጋር ነበር የገባው። ቦዊ ጥግ ይዞ ብቻውን ተቀምጧል። ሮጀርስ ሄዶ ወሬ ጀመረ። ጃዝ አነሱ፣ የድሮ ሪትም ኤንድ ብሉዝ አነሱ። ሁለቱም የሸክላ ሱሰኞች ስለነበሩ ወሬው አላለቀም።

እዚህ ጋ አንድ የሚያስቅ ነገር አለ። ሮጀርስ ከቦዊ ጋር መሥራት የፈለገው የተከበረ ሥራ ለመሥራት ነው። «ስኬሪ ሞንስተርስ»ን የመሰለ፣ ሃያሲ የሚያመሰግነው፣ «ይሄ ሰው የዳንስ ሙዚቃ ብቻ አይደለም የሚያውቀው» የሚያስብል። ቦዊ ደግሞ ከእሱ የፈለገው ሌላ ነው፦ ሂት። ሮጀርስ ይህን ሲሰማ ቅር እንዳለው ራሱ ተናግሯል። አንዱ ከሌላው የሚሸሸውን ነገር ፈልጎ መጣ ማለት ነው። ገበያ ላይ እንዲህ ያሉ ሁለት ሰዎች ሲገናኙ ብዙ ጊዜ ይጣላሉ። እነዚህ አልተጣሉም።

ስድስት ክር ያለው ባለ 12 ክር ጊታር

ቦዊ ያኔ ስዊዘርላንድ ነበር የሚኖረው። ሮጀርስን ወደዚያ ጠራው። አንድ ቀን ጠዋት ቦዊ ጊታር ይዞ መጣ። ጊታሩ ባለ 12 ክር ነው፤ የተወጠረበት ክር ግን ስድስት ብቻ። ይህ ሂት የሚሆን ይመስለኛል አለና መጫወት ጀመረ።

ሮጀርስ የሰማው የሀገረሰብ ባላድ የሚመስል ነገር ነው። ከእሳት ዳር ተቀምጠው የሚያንጎራጉሩት ዓይነት። ስሙ ደግሞ «እንደንስ»! ዳንሱ የት አለ? ሮጀርስ መጀመሪያ ያሰበው ሰውየው እየፈተነኝ ነው ብሎ ነው። ቦዊን ለሚያውቁ ወዳጆች ደውሎ «እንዲህ ዓይነት ቀልድ ይቀልዳል እንዴ?» ብሎ እስከመጠየቅ ደርሷል። አይ፣ የምሩን ነው አሉት።

ከዚያ ሥራውን ጀመረ። መጀመሪያ ኮርዶቹን ቀየረ። የሚያንጎራጉረው ዘፈን የነበሩትን ቀላል ኮርዶች አነሳና የጃዝ መዓዛ ያላቸውን ተካ። ቀጥሎ ምቱን ለወጠ። ሮጀርስ ሲጫወት በቪዲዮ ያየ ሰው ወዲያው ይገባዋል። የቀኝ እጁ መቼም አይቆምም፤ እንደ ወንፊት ከላይ ወደ ታች፣ ከታች ወደ ላይ ይሄዳል። የሚወስነው ግራው ነው። ግራ እጁ ሲጫን ኮርዱ ይሰማል፤ ላላ ሲያደርገው «ቸክ» የምትል ደረቅ ድምፅ ብቻ ትቀራለች። እና ከአሥራ ስድስት ምት ውስጥ አራት አምስቷን ያሰማሃል፣ ሌላውን ዝም ያሰኘዋል። ፈንክ የሚባለው ነገር ግማሹ እዚያ ዝምታ ውስጥ ነው ያለው። ጀማሪ ጊታሪስት ክፍተት ካየ ይሞላል። ሮጀርስ ይተወዋል። «ሌትስ ዳንስ» ላይ ደግሞ ኮርዷ አንዴ ትመታና ማሚቶዋ ብቻዋን ትሄዳለች። ባላዱ የት እንደገባ አይታወቅም።

ሦስተኛው ነገር፣ ዘፈኑን ከመጨረሻው ጀመረው። የሺክ ሰዎች ልማድ ነው፤ ዋናውን አዝማች መጀመሪያ ላይ ያስቀምጡታል። ሰው ሬዲዮ ከፍቶ አንድ ደቂቃ አይጠብቅም። መግቢያው ላይ ያለው ደረጃ በደረጃ የሚወጣ የ«አ…አ…አ…» ድምፅ የ1960ዎቹን «ትዊስት ኤንድ ሻውት» ያስታውሳል። ሆን ተብሎ ነው። ሙቀቱ ላይ ደርሰህ ነው ዘፈኑ የሚጀምርልህ።

ቦዊ የፈለገውን ድምፅ ያስረዳበት መንገድም ከዚህ ሁሉ ያምራል። አንድ ፎቶ አሳየው። የ1950ዎቹ የሮክ ኤንድ ሮል ዘፋኝ ሊትል ሪቻርድ ነው፤ ቀይ ሱፍ ለብሶ ቀይ ካዲላክ መኪና ውስጥ ሲገባ። አልበሜ እንዲህ እንዲመስል ነው የምፈልገው አለ። ስለ ቤዝ የለ፣ ስለ ድራም የለ። ሮጀርስ ግን ገባው፦ አዲስ ሆኖ ድሮ ያለበት፣ የ1950ዎቹ ሮክ ኤንድ ሮል ግን ነገ የተሠራ የሚመስል። ለአቀናባሪ እንዲህ ያለ መመሪያ ከሦስት ገጽ ማስታወሻ ይበልጣል። (አቀናባሪ ወዳጅ ያላችሁ ጠይቁት። «ትንሽ ሞቅ አድርግልኝ» ከሚል ዘፋኝ ጋር ስንት ሌሊት እንዳደረ ይነግራችኋል።)

ስቱዲዮ፦ ዘፋኙ ሶፋ ላይ

ቀረጻው የተካሄደው በዲሴምበር 1982 ማንሃተን በሚገኘው ፓወር ስቴሽን ስቱዲዮ ነው። የድምፅ መሐንዲሱ ቦብ ክሊርማውንቴን ነው፤ ያ ሰፊ ክፍል ውስጥ የተመታ የሚመስለው ድራም የእሱ እጅ አለበት። ሮጀርስ እንደሚናገረው ከመጀመሪያ እስከ መጨረሻ 17 ቀን ፈጀ። ያኔ ትልልቅ ሮክ ባንዶች አንድ አልበም ላይ ወራት የሚያባክኑበት ዘመን ነበር።

ለምን ፈጠነ? አንዱ ምክንያት ገንዘቡ የቦዊ ስለሆነ ነው። ሌላው ግን ሙዚቀኞቹ ናቸው። ድራም ላይ ኦማር ሃኪም፣ በአንዳንዶቹ ደግሞ የሺኩ ቶኒ ቶምፕሰን። ቤዝ ላይ ካርማይን ሮሃስ። ከበሮና ኮንጋ ሳሚ ፊጌሮዋ። ኪቦርድ ሮብ ሳቢኖ። እነዚህ ገብተው፣ ሰምተው፣ አንዴ ሁለቴ ተጫውተው የሚወጡ ሰዎች ናቸው። በርናርድ ኤድዋርድስም ለአንድ ዘፈን ተጠርቶ መጥቶ ወዲያው ጨርሶ ሄዷል።

ቦዊ በዚህ አልበም ላይ አንድም መሣሪያ አልተጫወተም። ሳክስፎን የሚችል፣ ጊታርና ፒያኖ የሚነካካ ሰው ነው፤ በቀደሙት አልበሞቹ ላይ እጁ በየቦታው አለ። እዚህ ድምፁን ብቻ ሰጠ። ሌላውን ሰዓት ሶፋ ላይ ሆኖ ያሳልፍና ብቅ ብሎ ይሰማል፣ ይስማማል፣ ይመለሳል። ይህን ስንፍና የሚሉ አሉ። እኔ ከሁሉም ከባዱ ውሳኔው ይህ ነበር ባይ ነኝ። ዘፈኑን ለሰው አሳልፎ የሰጠ ዘፋኝ መመለሻው ላይ እጁን ያስገባል። እሱ አላስገባም።

ስምንቱን ዘፈኖች ልብ ብላችሁ ብትቆጥሩ ሌላም ነገር ታያላችሁ። ሦስቱ አዲስ አይደሉም። «ቻይና ገርል»ን ቦዊ ከሮክ ዘፋኙ ከኢጊ ፖፕ ጋር ጽፎት በኢጊ የ1977 አልበም ላይ ወጥቷል። «ክሪሚናል ወርልድ» ሜትሮ የሚባል የእንግሊዝ ባንድ ዘፈን ነው። «ካት ፒፕል» ከአቀናባሪው ከጆርጆ ሞሮደር ጋር ለ1982 ፊልም የተሠራ ነበር። ከስምንት ሦስት! ስለዚህ የአልበሙ አዲስነት ግጥሙና ዜማው ላይ ብቻ ልትፈልጉት አትችሉም።

«ቻይና ገርል» ጥሩ ምስክር ነው። የኢጊው ጨለማ ነው፤ ጊታሩ ይጮሃል፣ ድምፁ ይቃትታል። ሮጀርስ መግቢያው ላይ የቻይና የሚመስል ቀላል የጊታር ሐረግ ፈጠረ፤ እንደ ማስታወቂያ ጆሮ ላይ የሚጣበቅ። ለቦዊ ሲያሰማው ሊያባርረኝ ይችላል ብሎ ፈርቶ ነበር፤ ቀልድ ይመስልበታል ብሎ። ቦዊ ወደደው። ዘፈኑ እንግሊዝ ላይ ሁለተኛ ወጣ። ኢጊ ፖፕም ከጸሐፊነት ድርሻው የማይናቅ ገንዘብ አገኘ፤ ያኔ ደግሞ በጣም የሚያስፈልገው ጊዜ ነበር።

ነጭ ጓንት

የብሉዝ ጊታሩ ባለቤት ስቲቪ ሬይ ቮን ነው። የቴክሳስ ልጅ፣ ያኔ 28 ዓመቱ፣ ገና አንድም አልበም ያላወጣ። በጁላይ 1982 ስዊዘርላንድ ውስጥ በሞንትሩ ጃዝ ፌስቲቫል ላይ ሲጫወት ከታዳሚው ከፊሉ ጮኸበት። አኩስቲክ ብሉዝ በሚጠበቅበት ምሽት ድምፁን ለቆ ስለመጣ ነው። ቦዊ ግን እዚያ ነበር፤ ሰማው፤ ያዘው። ወራት አልፈው ኒው ዮርክ ጠራው። የተዘጋጀው ሙዚቃ ላይ መጥቶ ደረበበት። በ«ሌትስ ዳንስ» ዘፈን መጨረሻ የምትሰሙት ያ የሚቆርጥ ድምፅ የእሱ ነው። በብረት የተሠራ በሚመስል የዳንስ ምት ላይ አንድ ሰው ላብ በላብ ሆኖ ሲገባ ማለት ነው። ቅንብሩ ያለ እሱ ንጹሕ ነበር፤ ምናልባት ከመጠን በላይ ንጹሕ።

ከዚያ ቪዲዮው ተሠራ። ዳይሬክተሩ ዴቪድ ማሌት ነው፤ ቦታው አውስትራሊያ፣ ካሪንዳ የምትባል የገጠር ከተማ መጠጥ ቤት። ዋና ተዋንያኑ ሁለት ወጣት የአቦርጂን ተወላጆች ናቸው፤ በግጥሙ ውስጥ ያለው ቀይ ጫማም በእነሱ ታሪክ ውስጥ ነው የሚዞረው። የነጮች አውስትራሊያ የአገሩን ባለቤቶች እንዴት እንደምታይ በሦስት አራት ደቂቃ ዳንስ ውስጥ አስገባው። በዚያው ዓመት ቦዊ ለአሜሪካው የሙዚቃ ቴሌቪዥን ለኤምቲቪ ቃለ ምልልስ ሲሰጥ ጠያቂውን ገልብጦ ጠየቀው፦ ጥቁር ሙዚቀኞችን ለምን አታሳዩም? ጠያቂው ሲንተባተብ ይታያል። ጥቁር አቀናባሪ፣ ብዙ ጥቁር ሙዚቀኞች የሠሩለትን አልበም ይዞ ነበር የቀረበው፤ ስለዚህ ጥያቄው ባዶ አልነበረም።

ግን እዚያው ቪዲዮ ላይ ሌላ ነገር አለ። የጊታሩ ሶሎ ሲደርስ ቦዊ ነጭ ጓንት አድርጎ እንደሚጫወት ሆኖ ይታያል። ድምፁ የቮን ነው፣ ጣቱ የቦዊ። ቮን አልወደደውም። ወደ ዓለም አቀፉ ጉዞ ሲገባ በክፍያና በራሱ ባንድ ጉዳይ አልተስማሙም፤ ለጉዞው ልምምድ አድርጎ ሳለ መነሻው ላይ ተወው። ጊታሪስቱ ኧርል ስሊክ ተተካ። «ትልቅ ዕድል አመለጠው» ያሉት ነበሩ። በጁን 1983 «ቴክሳስ ፍለድ» የሚለው የራሱ አልበም ወጣና ዝም አሉ። ቮን በ1990 በሄሊኮፕተር አደጋ ሞተ።

የተጎዳው እሱ ብቻ አይደለም። ቶኒ ቪስኮንቲ የቦዊን በርካታ ትልልቅ አልበሞች የሠራ ፕሮዲዩሰር ነው። ለዚህም አልበም ጊዜውን ባዶ አድርጎ ይጠብቅ ነበር። ሌላ ሰው መያዙን የሰማው ከረዳት ነው፤ ቦዊ ራሱ አልነገረውም። አብረው ሙሉ አልበም ለመሥራት እስከ 2002 ወሰደባቸው። ሃያ ዓመት። አንድ ስልክ ደውሎ መናገር ስንት ደቂቃ ይፈጅ ነበር?

ከተሸጠ በኋላ

ዘፈኑ በእንግሊዝም በአሜሪካም አንደኛ ወጣ። አልበሙ እንግሊዝ ላይ አንደኛ፣ አሜሪካ ላይ አራተኛ። «ሲሪየስ ሙንላይት» የተባለው ጉዞ ከሜይ እስከ ዲሴምበር 1983 ድረስ 96 ትርኢት ነበረው፤ መጀመሪያ አዳራሽ የታሰበለት ስታዲየም ሆነ። ፀጉሩ ወርቅማ፣ ሱፉ ደማቅ፣ ፈገግታው የማይቋረጥ ቦዊ ያኔ ነው የተወለደው።

ከዚያ ግራ ገባው። እስከዚያ ድረስ አድማጩን የሚያውቀው እሱ ነበር። አሁን ስታዲየም ሙሉ ሰው ቆሟል፣ ግማሹ ስለ ድሮው ቦዊ ምንም አያውቅም። እነሱን ላለማጣት ብሎ ሠራ። «ቱናይት» በ1984፣ «ኔቨር ሌት ሚ ዳውን» በ1987። ሁለቱንም በኋላ ራሱ አልወደዳቸውም። እዚህ ላይ አንድ ነገር ልብ በሉ፦ በእነዚህ ሁለት አልበሞች ላይ ሮጀርስ የለም። የ«ሌትስ ዳንስ»ን ገበያ ፈልጎ፣ አቀናባሪውን ግን አልጠራም። ሮጀርስ በበኩሉ በ1984 የማዶናን «ላይክ ኤ ቨርጂን» ሠራ፤ ስልኩም መጥራት ጀመረ። ሁለቱ እንደገና አንድ አልበም ላይ የተገናኙት በ1993 «ብላክ ታይ ዋይት ኖይዝ» ላይ ነው።

ወደ እኛ የሚያመጣው አንድ ቀን አለ። ሐምሌ 6 ቀን 1977 ዓ.ም.፣ በፈረንጅ ጁላይ 13 ቀን 1985። ለንደን ዌምብሌይ ስታዲየም፣ ላይቭ ኤይድ፤ ለኢትዮጵያ ረሀብ ገንዘብ የተሰበሰበበት። ቦዊ ኩዊን ከሚባለው ባንድ ቀጥሎ መድረክ ወጣ። ካቀረባቸው አራት ዘፈኖች አንዱ የዚሁ አልበም መክፈቻ «ሞደርን ላቭ» ነው። አምስተኛም ሊዘፍን ይችል ነበር። ጊዜውን ግን ተወው፤ በምትኩ የካናዳ ቴሌቪዥን ከኢትዮጵያ የቀረጸው ምስል እንዲታይ አደረገ። ከመቀሌ አካባቢ የሞት አፋፍ ላይ የተቀረጸችው ትንሿ ብርሃን ወልዱ የምትታይበት ያ ምስል ነው። ሲጨፍር የነበረው ስታዲየም ጸጥ አለ። የእርዳታ ስልኮቹ የተጨናነቁት ከዚያ በኋላ እንደሆነ ይነገራል። በዚያ ቀን ከቀረቡት ሁሉ ዘፈን የተወ ሌላ ዘፋኝ ማስታወስ ይከብደኛል።

ቦዊ በጃንዋሪ 2016 አረፈ። ከሁለት ዓመት በኋላ፣ 71ኛ ዓመቱን በሚደፍንበት ቀን፣ የ«ሌትስ ዳንስ» የመጀመሪያ የሙከራ ቅጂ ወጣ። በዲሴምበር 1982 ሞንትሩ ውስጥ የተቀዳች ናት፤ ዋናው ቀረጻ ከመጀመሩ በፊት። ቮን የለባትም። ቤዝ የሚጫወተው ኤርዳል ኪዚልቻይ የሚባል ቱርካዊ ነው። ባላዱ ግን እዚያም የለም፤ የሮጀርስ ቀኝ እጅ ሥራውን ጀምሯል፣ ክፍተቶቹም ቦታቸውን ይዘዋል። ሰባት ደቂቃ ተኩል ትሄዳለች። ድምፁን አመጣጥኖ ለመውጣት ያዘጋጀው ራሱ ሮጀርስ ነው፤ ሲሠራው እያለቀሰ እንደነበር ተናግሯል። በጆሮ ማዳመጫ ስሟት፤ ከዚያ ወዲያው የአልበሙን አስከትሉ።